በስልክ የአንድ ደቂቃ ተኩል አኒሜሽን እንዴት እንደሚሠራ፦ ከፍልፈሉ አባት ከዝዴኔክ ሚለር ጋር

እናቴ ፍልፈል አትወድም። ደብረ ማርቆስ ውስጥ ጓሮዋን ድንች የተከለች ሴት ፍልፈል ብትወድ ነበር የሚገርመው። ጠዋት ትወጣለች፣ አዲስ የአፈር ቁልል ታያለች፣ ትራገማለች። ባለፈው ክረምት የእኅቴ ልጆች ስልኬን ይዘው ሲንከተከቱ "ምን አገኛችሁ?" ብላ ጎንበስ ስትል፣ ሰማያዊ ሱሪ የለበሰ ፍልፈል አየች። "ጭራሽ ሱሪ አለበሱት?" አለች።

ግን አልሄደችም። ቁጭ ብላ እስከ መጨረሻው አየችው። የሚያወሩት በቼክኛ ነው፣ አንድ ቃል አታውቅም። ሲያልቅ ግን "ይኼማ የፈትል ሥራ ነው" አለች። ሲያበጥሩ፣ ሲፈትሉ፣ ሲሸምኑ ሁሉንም ለይታዋለች። እኔም ያኔ ነው "እንዲህ ከሆነ የእኛ ጋቢ ለምን ፊልም አይሆንም?" ያልኩት።

ከዚያ ሦስት ሳምንት ፈጀን። እኔ፣ ሁለት ልጆች፣ አንድ ስክሪኑ የተሰነጠቀ ስልክ። ብዙ አበላሸን። እናንተ እንዳታበላሹ የሠራነውን በሙሉ እነግራችኋለሁ፣ መሐል መሐል ደግሞ ፊልሙን ስለሠራው ሰውዬ አወራለሁ፣ ምክንያቱም መንገዱን ያሳየን እሱ ነው።

ሰውየው

ዝዴኔክ ሚለር እ.ኤ.አ. በ1921 ክላድኖ በምትባል የቼክ የከሰልና የብረት ከተማ ተወለደ። ፕራግ ሄዶ ሥዕልና ግራፊክ ተማረ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት፣ አገሩ በናዚዎች እጅ ሳለች፣ ዝሊን ወደምትባል ከተማ አቀና። ዝሊን የባታ ከተማ ናት። አዎ፣ ያ የጫማው ባታ። ኩባንያው እዚያ የፊልም ስቱዲዮ ነበረው፣ ሚለርም አኒሜሽን እጁ ላይ የገባው እዚያ ነው።

ጦርነቱ ሲያልቅ በ1945 ፕራግ ውስጥ "ብራትርዚ ፍ ትሪኩ" የሚባል የአኒሜሽን ስቱዲዮ ተቋቋመ። መሪው ዪርዢ ትርንካ የሚባል ታላቅ ሠዓሊና አሻንጉሊት ሠሪ ነበር። ሚለርም ገባ። የስቱዲዮው ስም በቼክኛ ሁለት ፍቺ አለው። አንዱ "ካናቴራ የለበሱ ወንድማማቾች" ነው፣ ሌላው "በዘዴ የሚሠሩ ወንድማማቾች"። ለጎጃም ሰው ይኼ ምንም አይገርምም፣ ቅኔ ነው በቃ። ካናቴራው ሰም፣ ዘዴው ወርቅ።

ፍልፈሉ፣ በእነሱ አጠራር ክርቴክ፣ በ1957 ወጣ። ሚለር እስከ 2002 ድረስ ወደ 50 የሚጠጉ የክርቴክ ፊልሞች ሠራ። በ2011 አንድ አሜሪካዊ ጠፈርተኛ የክርቴክን አሻንጉሊት በኢንዴቨር መንኮራኩር ይዞት ወደ ጠፈር ወጣ። ሚለር ይኼን አይቶ በዚያው ዓመት በኖቬምበር ወር መጨረሻ፣ በ90 ዓመቱ አረፈ። የሰው ፍልፈል ጠፈር ሲደርስ የእኛው እናቴ ጓሮ ውስጥ ነው ያለው።

በአፕ አትጀምሩ

ሰው ሁሉ "አኒሜሽን ልሥራ" ሲል መጀመሪያ የሚጠይቀው "የትኛውን አፕ ላውርድ?" ነው። እኔም እንደዚያ ነበርኩ። አፕ አወረድኩ፣ አንድ ኳስ አንከባለልኩ፣ ሰለቸኝ፣ ተውኩት። ይኼ የሆነው ሁለት ዓመት በፊት ነው። የጎደለኝ ነገር አፕ አልነበረም።

ሚለርን ተመልከቱት። በ1950ዎቹ የተሰጠው ሥራ "ተልባ እንዴት ጨርቅ እንደሚሆን ለልጆች አስረዳ" የሚል ነው። ከዚህ የበለጠ ደረቅ ሥራ ምን አለ? እኛ ተልባን የምናውቀው ፍሬውን ነው፣ በጾም ቆልተንና ወቅጠን። እነሱ ዘንድ ግን የዚያው ተክል አገዳ ተዘፍዝፎ፣ ተወቅጦ፣ ተበጥሮ ክር ይወጣዋል። መጻሕፍት ላይ "በፍታ" የሚባለው ጨርቅ እሱ ነው። ሌላ ሰው ቢሆን ገበሬ ያሳያል፣ ፋብሪካ ያሳያል፣ ከላይ አንድ ወፍራም ድምፅ ያስተርካል፣ ልጆቹም ይተኛሉ።

እሱ ያደረገው ሌላ ነው። መሐሉ ላይ አንድ ፈላጊ አስቀመጠ። ፍልፈሉ መንገድ ላይ የሚያገኘውን ኮተት ሁሉ ይሰበስባል፣ መያዣ ግን የለውም። ስለዚህ ትልልቅ ኪስ ያለው ሱሪ ያምረዋል። አለቀ! ከዚያ በኋላ የተልባው ሥራ እያንዳንዱ ደረጃ ወደ ኪሱ የሚያደርስ መንገድ ሆነ። ጃርት በእሾኋ ታበጥርለታለች፣ ሸረሪቶች ይፈትሉለታል፣ ጉንዳኖች ይሸምኑለታል፣ በዱር ፍሬ ሰማያዊ ይነከራል፣ ሸርጣን መሰል የውሃ እንስሳ በመቁረጫው ይቀደዋል፣ ወፍ ትሰፋዋለች። ልጁ ትምህርት እየተማረ እንደሆነ አያውቅም። እሱ የሚጨነቀው ለሱሪው ነው።

ስለዚህ የመጀመሪያው ሥራችሁ እስክሪብቶና ወረቀት ብቻ ነው የሚፈልገው። ሁለት ነገር ጻፉ።

አንደኛ፣ ደረጃ በደረጃ የምታውቁት ሥራ። ስለ እሱ ያነበባችሁት ሳይሆን እጃችሁ ወይ እናታችሁ እጅ የሚያውቀው። ጎጃም ውስጥ ሞልቷል። ጠላ መጥመቅ፣ ቀፎ መስቀል፣ ደንገል ታንኳ ማሰር፣ እንጀራ፣ ብራና መፋቅ፣ ጤፍ ከእርሻ እስከ ጎተራ። እኛ ጋቢን መረጥን። ጥጥ ይዳመጣል፣ ማለት ፍሬው ከጥጡ ይለያል። ከዚያ በደጋን ይነደፋል፣ ባዘቶ ይሆናል። ባዘቶው በእንዝርት ይፈተላል። ፈትሉ ተጠቅልሎ ልቃቂት ይሆናል። ይደወራል፣ ድሩና ማጉ ይለያል። ሸማኔው ጋ ይሄዳል። መጨረሻ ላይ አራት ድርብ ጋቢ። ቆጥሬዋለሁ፣ ሰባት ደረጃ ነው። ለዘጠና ሰከንድ ሰባት ይበዛል፣ እኛ አምስቱን ብቻ ነው የያዝነው። ማድወሩን ዘለልነው፣ እናቴ እስካሁን ይቅር አላለችኝም።

ሁለተኛ፣ ያንን ነገር አጥብቆ የሚፈልግ ማን ነው? ለምንስ? ምክንያቱ በአንድ ሥዕል መታየት አለበት። "ባህላችንን ለማስተዋወቅ" ምክንያት አይደለም፣ የትኛውም እንስሳ ባህል ለማስተዋወቅ ብሎ ከጉድጓዱ አይወጣም። በረደኝ፣ ራበኝ፣ መያዣ አጣሁ። እንዲህ ያለ ነገር ነው የሚሠራው።

እንስሳውን መንገድ ላይ ፈልጉት

ሚለር ባለታሪክ ሲፈልግ ዲዝኒ ያልነካው እንስሳ ይሁን ብሎ ቸገረው። ዳክዬው ተይዟል፣ አይጡ ተይዟል፣ ውሻው ተይዟል። አንድ ምሽት በእግሩ ሲንሸራሸር የሆነ ነገር አደናቀፈው። የፍልፈል አፈር ቁልል ነበር። እሱ ነው መፍትሔው የሆነው።

እዚህ ላይ ትንሽ ልነዝንዝ። የእነሱ ፍልፈልና የእኛ ፍልፈል ዘመድ አይደሉም። የእነሱ ትል በል ነው። የእኛው ጥርሰ ገጣጣ የአይጥ ወገን ነው፣ ሥር ይበላል፣ ድንች ይበላል፣ የእናቴን ዕድሜ ይበላል። የሚመሳሰሉት በመቆፈራቸው ነው። ስለዚህ "ፍልፈል እንሥራ" ያሉትን ልጆች እምቢ አልኳቸው። የሰው ባለታሪክ መገልበጥ አንደኛ መብት መንካት ነው፣ ሁለተኛ ደግሞ የእናንተ አይሆንም።

የእኛ ተረት ላይም የተያዙ አሉ። ጅብ፣ ቀበሮ፣ ጦጣ፣ አንበሳ። እነሱ ሲገቡ ተመልካቹ መጨረሻውን ቀድሞ ያውቀዋል፤ ጅቡ ሞኝ ነው፣ ጦጣዋ ታታልላለች። እኛ ሽኮኮን መረጥን። የዓባይን በረሃ የወረደ ሰው ድንጋይ ላይ ተደርድረው ፀሐይ ሲሞቁ አይቷቸዋል። ለምን እንደሚሞቁ ታውቃላችሁ? ሽኮኮ የገላዋን ሙቀት እንደ ሌሎቹ እንስሳት አጥብቃ መያዝ አትችልም፣ ጠዋት ጠዋት ፀሐይ ካልሞቀች ሥራ አትጀምርም። እንግዲህ ለሽኮኮ ደመና የዋለበት የሐምሌ ቀን ምን ማለት እንደሆነ አስቡት። ጋቢ ያስፈልጋታል! ታሪኩ ራሱን ጻፈ ማለት ይቻላል።

ሌላም ጥቅም አላት፣ ጭራ የላትም። ወረቀት ቆርጦ ለሚያንቀሳቅስ ሰው ጭራ ማለት በእያንዳንዱ ፎቶ የሚነካ አንድ ተጨማሪ ዕቃ ነው። እንስሳ ስትመርጡ ይኼን አስሉ። የክርቴክን አሳሳል ብታዩ፣ ጥቁር ክብ ገላ፣ ቀይ አፍንጫ፣ አናቱ ላይ ጥቂት ፀጉር። ከሩቅም ከቅርብም ይለያል። ባለታሪካችሁን በከሰል ጥቁር አድርጋችሁ ሣሉትና ለጎረቤት ልጅ አሳዩት። ምን እንደሆነ ካላወቀ ቅርጹ አልተሳካም።

ቃላቱን አውጡ

የመጀመሪያው የክርቴክ ፊልም ንግግር አለው። በኋላ ግን ሚለር ንግግሩን አወጣው። የትም አገር ያለ ልጅ ያለ አስተርጓሚ እንዲገባው ፈለገ። የቀረው ሳቅ፣ ለቅሶ፣ "ኦ"፣ "አ" የመሰለ ድምፅ ነው። ድምፁንም የቀዳው ከገዛ ሴት ልጆቹ ነው። ገና እየሠራ ያለውን ሲያሳያቸውም ከሁኔታቸው ልጅ ምን እንደሚገባው ያይ ነበር ይባላል። ፊልሞቹ ከ80 በላይ አገሮች ውስጥ የታዩት ያለ ምክንያት አይደለም።

ይኼ ለእኛ ትልቅ ነገር ነው፣ ምክንያቱም ጥሩ ማይክ የለንም፣ ተዋናይ የለንም፣ አፍን ከቃል ጋር ማናበብ ደግሞ የአኒሜሽን ከባዱ ሥራ ነው። ንግግር ስታወጡ ግማሹ ችግር አብሮ ይወጣል።

ደግሞ ያለ ቃል መተረክ እዚህ አዲስ ነገር አይደለም። ባሕር ዳር ደርሳችሁ ወደ ዘጌ በጀልባ ከተሻገራችሁ ኡራ ኪዳነ ምሕረትን እዩአት። የመቅደሱ ግድግዳ ከላይ እስከ ታች በሥዕል የተሞላ ነው፣ ክፍል በክፍል፣ ታሪክ በታሪክ። ማንበብ የማይችል ሰው ዞሮ እያየ ይረዳዋል። የፊልም ሰዎች "ስቶሪቦርድ" የሚሉት ከዚህ የተለየ ነገር አይደለም። የድሮ ሠዓሊዎቻችን አንድ ሕግም ነበራቸው። ጻድቁ ፊት ለፊት፣ በሁለት ዓይኑ ይሣላል። ክፉው በጎን፣ በአንድ ዓይን። ሰው ገና ሲያየው ማን ማን እንደሆነ ያውቃል። እኛ ይኼን ሰርቀናል፤ ሽኮኮዋ ሁልጊዜ ሁለት ዓይኗ ይታያል፣ ትልልቅ ዓይን። ደመናው ግን በጎን ነው፣ አንድ ዓይን ብቻ ያለው ኩርፍተኛ ደመና።

የእናንተን ስቶሪቦርድ እንዲህ ሥሩ። የደብተር ወረቀት አንዱን ገጽ ስድስት ቦታ ክፈሉ። በእያንዳንዱ ሳጥን አንድ ድርጊት ሣሉ። መሣል ካልቻላችሁ ሰውን በመስመር በመስመር ብቻ ሣሉ፣ ችግር የለም። ከ12 እስከ 15 ሳጥን ለዘጠና ሰከንድ ይበቃል። ከዚያ ምንም ሳታስረዱ ለአንድ ሰው ስጡት፣ "ምን እየሆነ ነው?" በሉት። "እዚህ ጋ ምንድን ነው?" ያለበት ሳጥን ይቀየር። እኛ አራቱን ቀየርን። በተለይ መዳመጡ ማንም አልገባውም ነበር። ፍሬዎቹን ትልልቅ፣ ጥቁር አድርገን እየዘለሉ ሲወጡ ስናሳይ ነው የገባቸው።

ሂሳቡ

እዚህ ጋ ነው ሰው ተስፋ የሚቆርጠው፣ ስለዚህ ቀድሜ ልንገራችሁ። የሲኒማ ፊልም በሰከንድ 24 ፎቶ ነው። አኒሜተሮች አብዛኛውን ጊዜ አንዱን ሥዕል ሁለት ሁለቴ ያነሱታል፣ ስለዚህ 12 ሥዕል ለአንድ ሰከንድ። ለአንድ ደቂቃ 720። የሚለር የመጀመሪያው የክርቴክ ፊልም 13 ደቂቃ ግድም ነው፤ በዚህ ስሌት ከ9,000 በላይ ሥዕል። እሱ ግን ብቻውን አልነበረም፣ ከኋላው ስቱዲዮ ሙሉ ሰው ነበር። ሥዕሉ በሚያሳይ ሴሉሎይድ ላይ በቀለም መስመር ይገለበጣል፣ በጀርባው ይቀባል፣ አንዴ በተሣለው ዳራ ላይ ይጋደማል፣ ከላይ በካሜራ ይነሳል። ከዚያ ቀጣዩ። የሚንቀሳቀሰው ብቻ ነው እንደገና የሚሣለው፣ ዛፉና ሜዳው ባለበት ይቆያል።

እኛ ሴሉሎይድ የለንም፣ ስቱዲዮም የለንም። ስለዚህ ሁለት ነገር ቀነስን። አንደኛ፣ ከመሣል ይልቅ የተቆረጠ ወረቀት መግፋት። ሽኮኮዋን አንዴ ትሠሯታላችሁ፣ ከዚያ እየገፋችሁ ፎቶ ታነሳላችሁ። ሁለተኛ፣ በሰከንድ 8 ፎቶ። ትንሽ ይንቀጠቀጣል፣ ግን ለወረቀት ያምርበታል። 90 ሰከንድ በ8 ሲባዛ 720 ፎቶ። በቀን ሁለት ሰዓት ብትሠሩ፣ ከለመዳችሁ በኋላ በአንድ ሰዓት ከ40 እስከ 50 ፎቶ ታነሳላችሁ። የመጀመሪያው ቀን ግን 11 ነው ያነሳነው። አስራ አንድ! አንድ ሰከንድ ተኩል እንኳ አይሞላም። ትልቋ ልጅ ልታለቅስ ነበር።

ዕቃውና አቀማመጡ

ጠንካራ ወረቀት ያስፈልጋል፤ የብስኩት ወይ የጫማ ካርቶን ይበቃል። ሽኮኮዋን በቁራጭ በቁራጭ ሥሩ። ገላ ለብቻ፣ ራስ ለብቻ፣ አራት እግር፣ ሁለት ዓይን። የዓይኑን ብሌን ለብቻው ትንሽ ክብ አድርጉት፣ ወዲያና ወዲህ ስታንቀሳቅሱት ነፍስ ይዘራል። ከሁሉም በላይ የሚሠራው ዓይን ነው። እግሩን ሳታንቀሳቅሱ ዓይኑን ብቻ ብትገፉ ተመልካቹ "እያሰበች ነው" ይላል።

ቁርጥራጮቹን ለማያያዝ በክር መስፋት ይቻላል፣ እኛ ግን የተመቸን ሰም ነው። ንጹሕ የማር ሰም፣ ወይም የጧፍ ቁራጭ፣ በጣት አሟሙቆ ከጀርባ መለጠፍ። ይይዛል፣ ሲፈለግ ይላቀቃል፣ ወረቀት አይቀድም። ጎጃም ተቀምጦ ሰም አጣሁ የሚል ካለ ጉድ ነው።

ስልኩ ከላይ ወደ ታች ማየት አለበት። ትራይፖድ አያስፈልግም። ሁለት እኩል ቁመት ያላቸው በርጩማዎች አስቀምጡ፣ ላያቸው ላይ ጣውላ ጋድሙ፣ ስልኩን የካሜራው ዓይን ከጣውላው ጠርዝ እንዲወጣ አድርጋችሁ አስተኙት፣ በላዩ ላይ አንድ ወፍራም መጽሐፍ ጫኑበት። ሥዕሉ መሬት ላይ ይሆናል። ዳራውን በፕላስተር ከመሬቱ ጋር አጣብቁት፣ በርጩማዎቹ የቆሙበትን ቦታ በጠመኔ አስምሩ። በርጩማው በአንድ ጣት ቢንቀሳቀስ ፊልሙ ላይ የመሬት መንቀጥቀጥ ነው የሚመስለው።

አሁን አፑ። "ስቶፕ ሞሽን ስቱዲዮ" የሚባለው ነፃው ይበቃል። ዋናው ጥቅሙ ያለፈውን ፎቶ እንደ ጥላ እያሳየ ምን ያህል እንደገፋችሁ እንድታዩ ማድረጉ ነው። ሦስት ነገር አስተካክሉ። ፎከሱን ቆልፉ፣ ብርሃኑን ቆልፉ፣ ስልኩን ከኔትወርክ አጥፉት። ሦስተኛውን ያልኩት በልምድ ነው። መቶ ሃያኛው ፎቶ ላይ አጎቴ ደወለ፣ ስልኩ ተንቀጠቀጠ፣ ከጣውላው ወርዶ ሽኮኮዋ ላይ ወደቀ። ስክሪኑ የተሰነጠቀው ያኔ ነው።

ብርሃን ትልቁ ጠላት ነው። ቀን በመስኮት ብርሃን ከሠራችሁ፣ በክረምት ደመናው ይመጣል ይሄዳል፣ ፊልሙ ብልጭ ድርግም ይላል። እኛ የመጀመሪያዎቹን 60 ፎቶዎች በዚህ ምክንያት ጣልናቸው። ማታ ሥሩ። መጋረጃ ዝጉ፣ አንድ አምፖል ከግራ፣ አንድ ከቀኝ፣ እናንተ ደግሞ ጥቁር ወይ ደብዛዛ ልብስ ልበሱ። ነጭ ነጠላ ለብሳችሁ ብትጎነበሱ ብርሃኑ ከእናንተ ተመልሶ ሥዕሉ ላይ ይወርዳል። መብራት ከጠፋ ትዕይንቱን እንዳለ ትታችሁ ውጡ፣ ምንም አትንኩ፣ በሩን ዝጉ። ዶሮ ካላችሁ በተለይ በሩን ዝጉ። ሌላ አልጨምርም።

አገፋፍ

ይኼ በቃል ለማስረዳት ያስቸግራል፣ ግን ልሞክር። ዕቃ ከቆመበት ሲነሳ ቀስ ይላል፣ መሐል ላይ ይፈጥናል፣ ሊቆም ሲል እንደገና ቀስ ይላል። ስለዚህ መጀመሪያ ትንሽ ግፉ፣ አንድ ሚሊሜትር፣ ሁለት፣ ከዚያ አምስት፣ አስር፣ ከዚያ አምስት፣ ሁለት፣ አንድ። ሁሉንም እኩል ከገፋችሁ ሽኮኮዋ በገመድ የምትጎተት ትመስላለች።

ሌላው፣ መቆም አትፍሩ። ጀማሪ ሁሉንም ነገር ሁልጊዜ ያንቀሳቅሳል። ስትደነግጥ ለአንድ ሰከንድ አቁሟት፣ ማለት 8 ፎቶ ምንም ሳትነኩ አንሱ፣ ከዚያ ዓይኗን ብቻ አዙሩ። ሳቅ የሚመጣው እዚያ ነው። ክርቴክን ስታዩ ልብ በሉ፣ አንድ ነገር አይቶ ቆም፣ ወደ እኛ ዞር፣ ከዚያ ነው የሚስቀው።

የእንዝርቱ ነገር አስቸገረን። እንዝርት ሲሾር በ8 ፎቶ አይታይም፣ ይዘላል። መፍትሔው ማሾሩን መተው ሆነ። እንዝርቱን ዝም ብለን ይዘን፣ ዙሪያው ላይ በእርሳስ የተሣሉ ጭረቶችን በአንዱ ፎቶ አስቀመጥን፣ በቀጣዩ አነሳን። ዓይን ራሱ ያሾረዋል። ለባዘቶው ደግሞ እውነተኛ ጥጥ ተጠቀምን። ከጥጥ የተሻለ ጥጥ የሚመስል ነገር የለም፣ ጣታችሁ ግን ላብ ካለው ይጣበቃል፣ በወስፌ ግፉት። የፈተለችው ሸረሪት ናት። "ድር ቢያብር" የሚለው ተረት ስላለ ሸረሪቷ ስትገባ ማንም "ለምን?" አላለም።

ድምፅ

ፎቶው ካለቀ በኋላ ካፕካት የሚባል የቪዲዮ ማቀናበሪያ አፕ ላይ አስገቡትና ድምፁን ለብቻ ቅዱ። ቀረጻው ጋቢ ውስጥ ተሸፍኖ ነው፤ ቀልድ አይደለም። ክፍሉ ባዶ ከሆነ ያስተጋባል፣ ወፍራም ጋቢ ስትከናነቡ ማስተጋባቱ ይጠፋል። ልጆቹን አስገቡ። "ውይ"፣ "እሰይ"፣ "እፎይ"፣ "ኧረ" በሉ በሏቸው። አማርኛ በዚህ በኩል ሀብታም ነው፣ አንዱን "እህ" ብቻ በአምስት ዓይነት ቃና አምስት ትርጉም ታወጡበታላችሁ። አሥር አሥሬ ቅዱና ልጆቹ እንደተቀዱ ያላወቁበትን ምረጡ። የእኛ ምርጡ "እፎይ" ትንሹ ልጅ ከጋቢው ሲወጣ ትንፋሽ አጥሮት ያለው ነው።

ዘፈን ከኢንተርኔት አታውርዱ፣ ይነሳባችኋል፣ ደግሞም የሰው ሥራ ነው። ዋሽንት የሚነፋ ጎረቤት ፈልጉ። ፊልሙን እያሳያችሁ አንዴ ይንፋ፣ እንዳለ ቅዱት። የደጋኑን ድምፅ ከእውነተኛ ደጋን ቀዳን። የመወርወሪያው "ጣ... ጣ..." ከሸማኔው ቤት ነው።

ከመለጠፋችሁ በፊት

ኢንተርኔት ላይ ከማውጣታችሁ በፊት ሥራውን ለሚያውቅ ሰው አሳዩት። እኛ ጎረቤታችን ላሉት ሸማኔ ወሰድንላቸው። ስልኩን ከዓይናቸው አራቅ አድርገው አዩት፣ ሳቁ፣ ሽኮኮዋን ወደዷት። ከዚያ "ልጄ፣ መወርወሪያው ሲወረወር እግሯ የታለ?" አሉኝ። ለካ ሸማኔ በእጁ ብቻ አይሸምንም። ጉድጓድ ውስጥ ሆኖ በእግሩ ይረግጣል፣ ድሩ ይከፈታል፣ ያኔ ነው መወርወሪያው የሚያልፈው። እኛ እግሯን በድንጋይ ሸፍነነው ነበር፣ ለመቆጠብ። 40 ፎቶ እንደገና አነሳን። ሁለት ማታ ፈጀ፣ ግን አሁን ሲረገጥ፣ ሲከፈት፣ ሲወረወር ይታያል፣ እና ያ ቦታ ከፊልሙ ሁሉ ቆንጆው ሆኗል።

ለእናቴ ያሳየናት መጨረሻ ላይ ነው። ማድወሩ መዘለሉን ወዲያው ያዘችን። የቀረውን ዝም ብላ አየች። ሽኮኮዋ ጋቢዋን ተከናንባ ድንጋዩ ላይ ስትቀመጥ ፈገግ አለች። እኔ ያላወቅኩት ግን ልጆቹ እኔ ሳልኖር ማታ ሦስት ሰከንድ ጨምረው ኖሯል። ከሽኮኮዋ ኋላ የአፈር ቁልል ብቅ ይላል፣ ከውስጡ ጥርሰ ገጣጣው የእኛ ፍልፈል ይወጣል፣ በአንድ እጁ ድንች፣ ትከሻው ላይ የተረፈች የጋቢ ቁራጭ።

እናቴ ስልኩን አስጠግታ አየችና "ድንቼን በልቶ ጋቢም ለበሰ?" አለች። ከዚያ "እስቲ መልሱት፣ ከመጀመሪያው ልየው" አለች።